ዓይን መጨረሻ ነው የሚሳለው

ባለፈው ሳምንት የታሪክ መምህራችን አንድ ትልቅ መጽሐፍ በብብታቸው ይዘው ክፍል ገቡ። ትምህርት ቤታችን ያለባት ንፋስ መውጫ በዚያን ቀን ስሟን ልታስከብር ቆርጣ ነበር፤ የመስኮታችን ግማሹ መስታወት፣ ግማሹ ካርቶን ነው፤ ካርቶኑ ሲንኳኳ የመምህሩ ድምፅ አልሰማ አለንና «ወደ ፊት ተጠጉ» አሉን። መጽሐፉን ገልጠው ከፍ አድርገው አሳዩን። አንዲት ሴት ዥዋዥዌ ላይ ተቀምጣለች። ጉንጯ የበሰለ ኮክ ይመስላል፤ ቀሚሷ እንደ ደመና ተነፍቷል፤ ከራሷ በላይ ክንፍ ያላቸው ወፋፍራም ሕፃናት ይበራሉ።

«ይህችን ሴት አውቃታለሁ!» አልኩ ሳላስበው።

ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ።

«ታች ጋይንት ነው እንዴ ቤቷ?» አለ ከኋላ አንዱ።

«ከብስኩት ጣሳ ክዳን ላይ ነው የማውቃት» አልኩ። ይኼኔማ መምህሩም ሳቁ።

ሳቁ ሲበርድ ስለ ሰዓሊው ነገሩን። ከሁለት መቶ ዓመት በፊት በፈረንሳይ ንጉሥ ቤተ መንግሥት የኖረ ሰው ነው። የንጉሡን ወዳጅ ደጋግሞ እየሳለ ከፍ አለ። የአዳራሽ መጋረጃ ንድፍ፣ የሸክላ ሳህን፣ የሴቶች ማራገቢያ ሳይቀር በእሱ እጅ አለፈ። መኳንንቱ ሁሉ ቤታቸውን በእሱ ሮዝና በእሱ ሰማያዊ አስጌጡ። ሲያረጅ ዓይኑ ደከመ፤ ዘመኑም ተለወጠ፤ ትናንት ያጨበጨቡለት ሰዎች ሥዕሉ ስኳር በዛበት እያሉ ናቁት።

«ያሳዝናል» አሉ መምህሩ መጽሐፉን እየዘጉ።

እኔ ግን አላዘንኩለትም። ሰውየው በሕይወቱ ጋይንት የምትባል አገር መኖሯን አያውቅም፤ የእሱ ዥዋዥዌ ግን እኛ ቤት ድረስ መጥቶ አባቴን አዋርዷል። እኔም ተበቅያለሁ። አራት ዓመት ሙሉ ለማንም ሳልናገር የቆየሁትን ዛሬ እጽፈዋለሁ፤ መጻፍ ከቻልኩ ወዲህ አፌ የማይለውን እጄ እንደሚለው አይቻለሁና።

አባቴ ግራጌታ መርሻ የአገራችን ባላባት የፊታውራሪ ሰዓሊ ነበሩ። ፊታውራሪ ከአርብ ገበያ በላይ፣ ገደሉ አፋፍ ላይ ባለው ግቢያቸው በገና የሚደረድርላቸው፣ ፈረስ የሚገራላቸው ሰው እንደነበራቸው ሁሉ የሚስልላቸውም ሰው ነበራቸው። የአዳራሹን ግድግዳ በአደንና በግብር ሥዕል የሞሉት አባቴ ናቸው። በኋላ ፊታውራሪ ለነፍሳቸው ብለው የፈረሰችውን ማርያምን እንደገና ሲያሠሩ፣ የመቅደሱን ግድግዳ ዙሪያውን እንዲስሉ አባቴን አዘዟቸው። ሥራው አራት ዓመት ፈጀ። እናቴ በመጀመሪያው ዓመት ሞተች፤ ከዚያ ወዲያ ቀለም የምፈጨው እኔ ሆንኩ።

ቀይና ቢጫ አፈሩን ከቁልቁለቱ ቆፍረን እናመጣለን። ሰማያዊው የልብስ ማቅለሚያ ኒል ነው፤ አርብ አርብ ከነጋዴው ከእንድሪስ ሱቅ እንገዛዋለን። ጥቁሩ ከድስት ቂጥ የሚፋቅ ጥላሸት ነው። ቀለም ግን ብቻውን አፈር ነው፤ ሰው የሚያደርገው ሙጫ ነው። የበሬ ቆዳ ቁራጭ በጋን ውሃ ይጣድና ቀኑን ሙሉ ይንተከተካል፤ ወፍሮ፣ ወርዶ፣ ጣት የሚይዝ ሲሆን ከቀለሙ ጋር ይለወሳል። ሽታውን ግን ጠላቴ አይሽተተው። ወንዝ ስወርድ ሴቶቹ እንስራቸውን ይዘው ከእኔ ነፋስ ዞር ይሉ ነበር። እኔ ግን ኩራቴ ነበር፤ የሰዓሊ ልጅ ሽታ ነው።

አባቴ ሥዕሉን እቤት ሆነው በጥጥ ሸማ ላይ ይሠራሉ፤ ሸማው በኋላ ግድግዳው ላይ ይለጠፋል። እርጥብ ሸማ ሲለጠፍ ይሳባል፣ ይሸሻል። አፍንጫ ትንሽ ቢዛነፍ ማንም ልብ አይለው፤ ዓይን ግን የገብስ ፍሬ ታህል ከቦታዋ ከሄደች ጻድቁ ሸውራራ ይሆናል። ስለዚህ አባቴ ዓይን የሚስሉት መጨረሻ ነው፤ ሁሉም ተለጥፎ፣ ደርቆ፣ ቦታውን ከያዘ በኋላ። ሦስት ቀን ከሰው ሳይነጋገሩ ይጾሙና በአንድ ሰሞን የሁሉንም ዓይን ያበራሉ።

«ዓይን እስኪያገኝ ሸማ ነው» ይሉኛል። «ዓይን ካገኘ በኋላ ግን አንቺ አይደለሽም የምታይው፤ እሱ ነው የሚያይሽ።»

ለጻድቅ ሁለት ዓይን ይሳላል፤ ፊቱን ሙሉ ወደኛ አዙሮ ያያል። ለሰይጣንና ለከሓዲ አንድ ዓይን፤ በጎኑ። ይህን በእኛ አገር የማያውቅ ሕፃን የለም።

በአራተኛው ዓመት፣ ገብሱ ታጭዶ አውድማ ላይ ሲቆለል፣ የመጨረሻው ሸማ ተለጠፈ። ማርያም፣ ልጇ፣ መላእክቱ፣ ሰማዕታቱ፣ ሁሉም ቆመው ዓይናቸውን ብቻ ይጠብቁ ነበር። አባቴ ጾማቸውን ሊጀምሩ አሥር ቀን ሲቀራቸው የፊታውራሪ ሚስት ወይዘሮ አልጋነሽ ከአዲስ አበባ ተመለሰች።

በዚህ ጽሑፍ አንቱ አልላትም። በአፌ ብዬላት ጨርሻለሁ።

ስድስት ወር ዘመድ ጥየቃ ብላ ቆይታ ሦስት ነገር ይዛ መጣች፤ የሐር ጃንጥላ፣ ክዳኑ ላይ ዥዋዥዌ የምትጫወት ፈረንጅ ያለችበት የብስኩት ጣሳ፣ እና ሰይፉ። ሰይፉ በታላላቅ ሰዎች ቤት መልክ እየሳለ የኖረ፣ ጫማው የሚያበራ፣ ሲስቅ ድዱ የሚታይ ሰው ነው። የጣሳዋን ሴት እንደ ወንጌል ይዟት ይዞራል። ሥዕል ማለት እንዲህ ነው ይላል፤ ጉንጭ ሮዝ፣ ሰማይ ሰማያዊ፣ ዓይን ሰረቅ አድርጎ የሚያይ።

በመጣች በማግስቱ ሥዕሉን ልታይ ቤተ ክርስቲያን ገባች። ታቦቱ ገና አልገባም ነበርና ሁላችንም ተከትለን ገባን። ዞር ዞር አለችና ጃንጥላዋን ወደ ግድግዳው ቀሰረች።

«ኧረ ይሄ ሁሉ ዕውር ምንድነው፣ ግራጌታ?»

«ዓይናቸው ገና ነው፣ እሜቴ» አሉ አባቴ። «ሸማው ይርጋ ብዬ ነው።»

«አራት ዓመት ያልረጋ ሸማ!» አለ ሰይፉ። «እርጎ እንኳ በሦስት ቀኑ ይረጋል።»

አጃቢዎቿ ሳቁ። እሷም ሳቀች፤ ከዚያ አባቴን ከእግር እስከ ራስ አየቻቸውና «የዕውሮች አባት!» አለች። ቀልድ መሆኑ ነው። ቀልዱ ከእኛ ቀድሞ አውድማ ደረሰ። ከሰዓት በኋላ አባቴ ሲያልፉ በሬ የሚነዱት ሰዎች «የዕውሮች አባት፣ እንደምን ዋሉ?» አሏቸው። አባቴም «እግዚአብሔር ይመስገን» ብለው አለፉ። እኔ እንኳንስ እግዚአብሔርን ላመሰግን፣ ድንጋይ ነበር የፈለግኩት።

ከዚያ ዥዋዥዌው መጣ። ሰይፉ ወይዘሮ አልጋነሽን እንደ ጣሳዋ ሴት ሊስላት ስለፈለገ ግቢው ውስጥ ካለው ትልቅ ወይራ ላይ ገመድ ታሰረ። እኔ ገፊ ሆንኩ።

«ግፊ! ቀስ! አይ፣ ግፊ እንጂ አንቺ!» ትላለች እሷ ከላይ።

«እሜቴ፣ ሳቅ ይበሉ፤ እግርዎን ዘርጋ ያድርጉ» ይላል እሱ ከታች።

ወይዘሮ አልጋነሽ ቀጭን አይደለችም። ወይራው ያቃስት ነበር። ያ ብቻ ቢሆን ኖሮ ዛሬም በሳቅ ነበር የማስታውሰው። ግን መቀመጫ ሳንቃው ነጣ ብሏል፣ ቀለም ይቀባ ተባለና አባቴ ተጠሩ። አራት ዓመት ማርያምን የሳለ እጅ የዥዋዥዌ ሳንቃ እንዲቀባ! አባቴ ግን ሳንቃውን ጉልበታቸው ላይ አስቀምጠው በቀይና በቢጫ ዙሪያውን ሐረግ ሣሉበት፤ ልክ የብራና ወንጌል ራስጌ ላይ እንደሚሣለው ዓይነት ሐረግ፣ እርስ በርሱ እየተጠላለፈ የሚሄድ። ክፉ አድርጎ መሥራት አያውቁበትም። እሷም መጥታ ሐረጉ ላይ ተቀመጠችበት።

በሳምንቱ በአዳራሹ፣ ሰው በተሰበሰበበት፣ «የማርያምን ዓይን ሰይፉ ይጨርሰው» አለች። ፊታውራሪ ጢማቸውን ደባበሱ። እሳቸው በዚያን ዘመን ሚስታቸው ስትናገር ዝም ማለት ለምደው ነበር።

አባቴ ተንበረከኩ። አባቴ ለቤተ ክርስቲያን ካልሆነ ሲንበረከኩ አይቼ አላውቅም።

«እመቤቴ፣ ሌላውን ሁሉ ይውሰድ። ስሜ አይጻፍ። ዓይኑን ብቻ ይተዉልኝ።»

«ዓይንማ ዋናው ነው፣ ግራጌታ፤ ለባላገር እጅ አይሰጥም» አለች። ከዚያም፣ ትንሽ እንዳዘነች ሰው፣ «ልጅዎ ግን ቀለሙን ትፍጭለት። እሷስ ጎበዝ ናት» አለች።

ሰይፉ ጊዜ አላጠፋም። በማግስቱ ከማርያም እግር በታች «ዘሠዓሎ ሰይፉ» ብሎ ጻፈ። አንዲት ዓይን ሳይስል በፊት አራት ዓመት የተለፋበትን ግድግዳ እሱ እንደሣለው ጻፈ። አባቴ ቤት ገብተው ብሩሾቻቸውን በጨርቅ ጠቀለሉ፤ የሞተ ሰው ልብስ እንደሚታጠፍ ቀስ ብለው ጠቅልለው ቆጥ ላይ ሰቀሏቸው።

«አባባ፣ ለሱ አልፈጭም» አልኳቸው።

«የምንበላው ከፊታውራሪ መሬት ነው፣ ይታይሽ» አሉ ስሜን ጠርተው። «ትፈጫለሽ።»

ቂም ሆድ ውስጥ ሲገባ ምን እንደሚመስል ሰዎች አይናገሩም። እሳት ነው ይላሉ፤ ውሸት ነው። ቂም ልክ እንደ እርሾ ነው፤ ጥግ ይዞ ቁጭ ይልና ቀስ እያለ ይነፋል፤ ሲነፋ ደግሞ ደስ ይላል። እኔ በዚያ ሰሞን ደስተኛ ልጅ ነበርኩ። ስፈጭ እንኳ አንጎራጉር ነበር።

ጾመ ነቢያት ነበር። ቀን ለምሳ ተልባ ቆልቼ፣ ወቅጬ በውሃ እለውስና እንፈተፍትበታለን። አንድ ቀን ያልተቆላ ተልባ ውሃ ውስጥ ረስቼው ስመለስ ውሃው ወፍሮ፣ ተዝለግልጎ፣ ከጣቴ ላይ እንደ ክር ሲንጠለጠል አየሁት። ልክ ሙጫ ይመስላል። ያበራል፣ ይሳባል፣ ጣት ይይዛል። ሽታ ግን የለውም። ትንሽ ጥላሸት ለወስኩበትና በጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ አንድ ዓይን ሣልኩ። ሲደርቅ እንደ ቁራ ላባ ጠቆረ፤ በደረቅ ጣቴ ብዳብሰው አልለቀቀም። ከዚያ ድንጋዩን ሳምኩት።

ከንፈሬ ጠቆረ። ዓይኑ ጠፋ።

የሳቅኩትን ሳቅ ዛሬም አስታውሰዋለሁ፤ ብቻዬን፣ ማድቤት ውስጥ፣ ድንጋይ ታቅፌ።

ሰይፉ መሰላል ላይ ወጥቶ፣ ጣሳውን አጠገቡ ሰቅሎ ሲስል እኔ ከታች ሆኜ ጥቁሩን በቅል አቀብለው ነበር። ዓይን ሁሉ ወደ ጎን ሰረቅ፣ ሽፋሽፍት ሁሉ ርዝም። ቅዱስ ጊዮርጊስ እንኳ ዘንዶውን ትቶ ጎረቤት የሚጠቅስ መሰለ።

«ሙጫሽ ዛሬ አይሸትም!» አለኝ አንድ ቀን ከላይ።

«አጥቤው ነው፣ ጋሼ» አልኩ።

«ጎበዝ! ለአባትሽም አስተምሪያቸው።»

«እሺ ጋሼ» አልኩ። እንዲህ ያለ ጣፋጭ እሺ ብዬ አላውቅም። በእጁ ቀለም ፈጭቶ የማያውቅ ሰዓሊ ምን እንደሚጎድለው ሰይፉ አያውቅም ነበር፤ አባቴ ቢሆኑ ቅሉን ገና ከሩቅ አይተው፣ አሽትተው፣ በጥፍራቸው ነክተው ይመልሱት ነበር።

ቅዳሴ ቤቱ በአስተርእዮ ማርያም ሆነ። ያን ቀን አገሩ ሁሉ እኛ ጋ ነበር። ከስማዳ ገደሉን ወጥተው፣ ከእስቴ ሁለት ቀን ተጉዘው የመጡ ነበሩ፤ መንገዱ አቧራ በአቧራ ሆኖ ከሩቅ የሚጤስ ይመስላል። የቤተ ክርስቲያኑ ዙሪያ ድፎ ዳቦ በየጉያው፣ የገብስ ጠላ በየቅሉ፣ አህያ በየጥሻው። ታቦቱ ገባ፤ ተቀደሰ፤ ሲያበቃ የመቅደሱ መጋረጃ ተከፈተ፤ ሕዝቡም እልል አለ። አባቴ ከካህናቱ ኋላ፣ ግድግዳ ተደግፈው ቆመው ነበር። ወደ ሥዕሉ አላዩም።

ለመሳለም የመጀመሪያዋ ወይዘሮ አልጋነሽ ናት። ሌላው ሰው የማርያምን የልብሷን ጫፍ ነው የሚስመው፤ የሚደርሰው እዚያ ነው። እሷ ግን ፊቷን ልሳም አለችና በርጩማ መጣላት። ሁለት ሴቶች ደግፈዋት ወጣች። ጉንጯን ቀይ ነገር ተቀብታለች። ያላበ ግንባሯን የእመቤታችን አንድ ዓይን ላይ አስነካች፤ ከዚያ ያንኑ ዓይን ጥብቅ አድርጋ፣ ድምፁ እስኪሰማ ሳመች። ወረደችና ወደ ሕዝቡ ዞረች።

ከንፈሯ የተቃጠለ ድስት መስሏል። ግንባሯ ላይ እንደ ጥፊ የተለጠፈ ጥቁር አለ። እሷ ግን አታውቅም፤ ፈገግ ብላ ቆማለች።

መጀመሪያ ማንም እሷን አላየም። ሁሉም ከእሷ በላይ ነበር የሚያየው። ከሴቶቹ መሐል አንዲት ሕፃን «እማዬ፣ ማርያም አንድ ዓይን ሆነች!» አለች።

ሺህ ሰው በአንድ ጊዜ አማተበ። በእኛ አገር አንድ ዓይን የማን እንደሆነ የማያውቅ አልነበረም።

«ምን ሆናችሁ?» አለች ወይዘሮ አልጋነሽ በጥቁሩ አፏ። ያኔ አንድ ዲያቆን በሳቅ ፍርስ አለ፤ ከዚያ ሌላው፤ ከዚያ ሴቶቹ ነጠላቸውን አፋቸው ውስጥ ጎሰጎሱ። ፊታውራሪ መሐረባቸውን አውጥተው ሰጧት፤ ጠረገችው፤ ባሰበት፤ እስከ አገጯ ወረደ።

ሰይፉ ሰው ገፍቶ ሮጠ። ጣቱን በምራቁ አርሶ የገብርኤልን ዓይን ነካ፤ ዓይኑ በጣቱ መጣ። የሌላውን ነካ፤ እሱም መጣ።

«ሙጫ የለውም!» ብሎ ጮኸ። «ያቺ ልጅ ናት! የግራጌታ ልጅ!»

ሰው ሁሉ ወደ እኔ ዞረ። ያኔ የደብሩ አለቃ፣ ጢማቸው እስከ ደረታቸው የሚወርድ ሽማግሌ፣ በመቋሚያቸው ከሥዕሉ ግርጌ ያለውን ጽሑፍ አመለከቱ።

«ዘሠዓሎ ማን ይላል?»

ሰይፉ የጠቆረ ጣቱን በሱሪው ጠረገ።

«አንብብልን እንጂ። የጻፍከው አንተ አይደለህም?»

«ሰይፉ ይላል» አለ በጉሮሮው።

«እንግዲያስ ሥራው ያንተ ነው። ሰዓሊ የቀለሙን ሙጫ ሳያይ ብሩሽ ያነሣል? በአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ታመካኛለህ?» ወደ እኔ ዞሩ። «ልጄ፣ የታዘዝሽውን ፈጭተሻል?»

«የሰጡኝን ጥላሸት ነው የፈጨሁት፣ የኔታ» አልኩ። ይህ እውነት ነው። ስለ ውሃው አልጠየቁኝም።

መጋረጃው ተዘጋ። ሰይፉ በማግስቱ ማለዳ በቅሎ ተጭኖለት ሲሄድ፣ አውድማ ላይ ያሉት በሬ ነጂዎች «ጋሼ ሰይፉ፣ ዓይንዎን ይዘው ነው የሚሄዱት?» አሉት። ያን ስሰማ የበላሁት በሶ ከማር የጣፈጠ ነበር።

እውነት ለመናገር ግን፣ መጋረጃው ሲዘጋ አንድ ነገር አይቻለሁ። ከስማዳ የመጡ አንዲት አሮጊት፣ ስለታቸውን ሊያደርሱ እህል ሳይቀምሱ የተጓዙ፣ መሬት ላይ ተደፍተው «ምን በድዬሽ ነው፣ እናቴ፣ ዓይንሽን የነሳሽኝ?» እያሉ ያለቅሱ ነበር። ውሃ ይዤላቸው ሄድኩ። ቀና ብለው «ተባረኪ» አሉኝ። ምርቃቱ እንደ ጥፊ ነው ፊቴ ላይ ያረፈው። በዚህ ሁሉ ነገር አንድ ሰው ይቅርታ ጠይቂ ብባል እሳቸውን ብቻ ነው።

በሦስተኛው ቀን ፊታውራሪ ራሳቸው በእግራቸው ቤታችን መጡ። ደጃፍ ላይ ቆመው፣ ቆባቸውን አውልቀው፣ «ግራጌታ፣ ዓይናቸውን ይመልሱላቸው» አሉ። ይህንኑ ብቻ። አባቴ ብሩሾቹን ከቆጥ አወረዱ።

ከዚያ የሰይፉን የተረፈ ጥቁር ከነቅሉ አንስተው ብርሃን ፊት ያዙት። በጥፍራቸው ነኩት። አሸተቱት። ጣታቸውን ምላሳቸው ላይ አደረጉ። እኔ ማገዶ እየሰበርኩ ነበር፤ መስበሬን አላቆምኩም።

«ይታይሽ» አሉ።

«አቤት፣ አባባ።»

«በጾሙ ሰሞን ምሳችን ምን ነበር?»

«ሽሮ ነበር።»

«ሌላስ?»

«ድንች።»

«ሌላስ?»

ማገዶው ከእጄ ወደቀ። «ተልባ» አልኩ።

ቅሉን መሬት አስቀመጡት። ይመቱኛል ብዬ ጠበቅኩ። የአባቴ ትከሻ ግን ይንቀጠቀጥ ጀመረ፤ አለቀሱ ብዬ ደነገጥኩ፤ ቀና ሲሉ ለካ እየሳቁ ነው። እናቴ ከሞተች ወዲህ እንደዚያ ሲስቁ አላየሁም። ሳቃቸው ሲያልቅ ግን ፊታቸው ተለወጠ።

«እሷን ብቻ አይደለም ያዋረድሽው» አሉ። «አራት ዓመት በእጄ ያሳደግኳትን ማርያምን በሕዝብ ፊት አንድ ዓይን አድርገሻታል። ይህን ታውቂያለሽ?»

«አውቃለሁ።»

«እንግዲያው ቅጣትሽን ትቀበያለሽ።»

ሦስት ቀን ጾሙ፤ ከዚያ የሁሉንም ዓይን አበሩ። የእመቤታችንን ዓይን ስለው ሲጨርሱና ስታየኝ እኔ አቀረቀርኩ። የቀረው አንድ ብቻ ነበር። በሴቶች መቆሚያ በኩል ባለው ግድግዳ፣ ከሚካኤል እግር በታች የተረገጠው ሰይጣን። አባቴ አለቃውን አስፈቅደው እጄን ይዘው ወሰዱኝና ብሩሹን ሰጡኝ።

«አንድ ዓይን ነው ያለው» አሉ። «ያንቺ ነው። ጥላሸቱን ፍጪ፤ ሙጫውን ግን እኔ ፊት ትለውሻለሽ።»

ቅጣት መሆኑ ነው። ሌላ ልጅ ብትሆን ታለቅስ ነበር፤ በዚያ ሁሉ ሠራዊት መሐል ሰይጣኑ ደረሰሽ ስትባል። እኔ ግን ተንበርክኬ ብሩሹን ከማስነካቴ በፊት ወደ ኋላዬ ዞሬ አየሁ። ከሦስተኛው ዓምድ አጠገብ ወይዘሮ አልጋነሽ የምትቆምበት ምንጣፍ ተነጥፏል። ከዚያ እስከ ሰይጣኑ ፊት በዓይኔ ለካሁ። ከዚያ ሣልኩ።

አባቴ አጎንብሰው አዩት። ዓምዱንም አዩት። ጢማቸው ውስጥ አንድ ነገር ተንቀሳቀሰ።

የብስኩት ጣሳው ከዚያ በኋላ ከግቢው ኋላ ከአመዱ ጋር ተጥሎ አገኘሁት። አሁን እርሳሶቼን የማስቀምጥበት እሱ ነው። ሴትዮዋ ዥዋዥዌዋ ላይ ሆና ሰረቅ አድርጋ ታየኛለች፤ እኔም አያታለሁ። መምህራችን ስለ ሠራት ሰው «ያሳዝናል» ሲሉ ላዝንለት ሞክሬ ነበር። የእሱን ቀለም ማን ይፈጭለት እንደነበር ግን መምህሩ አልነገሩንም፤ እኔ መጠየቅ የፈለግኩት እሱን ነበር።

ወይዘሮ አልጋነሽ ዛሬም አለች። አሁን ለአባቴ በትሕትና ሰላምታ ትሰጣለች፤ ዥዋዥዌውም ተፈትቶ ሳንቃው ከነሐረጉ የእኛ ቤት መደርደሪያ ሆኗል። በቤተ ክርስቲያን ግን ቦታዋን ለውጣለች። መጀመሪያ ነጠላዋን ወደ ዓይኗ ሳብ አደረገች፤ በኋላ ምንጣፏን ወደ አራተኛው ዓምድ አዛወረች፤ አሁን በበሩ በኩል፣ ነፋሱ በሚገባበት ትቆማለች። ለሰው የምትናገረው እዚያ አየር እንዳለው ነው።

ባለፈው አስተርእዮ ለበዓሉ ወደ አገሬ ወርጄ ነበር። ሰዉ ሞልቶ ሳለ በሦስተኛው ዓምድ አጠገብ ያለችው ቦታ ባዶ ነበረች፤ እሷ ከተወቻት ወዲህ ማንም አልቆመባትም። ሄጄ ቆምኩባት። ሰይጣኑ አየኝ። ለእሷ ብዬ የሣልኩት ዓይን እኔንም ያውቀኛል። ከስማዳ የመጡትን አሮጊት አስታወስኩ። ግን አቀርቅሬ አልሄድኩም፤ ቅዳሴው እስኪያበቃ እዚያው ቆሜ እኔም አየሁት።

ሲያበቃ ጣቴን በምራቄ አርሼ፣ ማንም እንዳላየኝ አረጋግጬ፣ ዓይኑን ነካሁት። ጣቴ ንጹሕ ሆኖ ተመለሰ። የበሬ ቆዳ ነው፤ ቀኑን ሙሉ የተቀቀለ።